መከታ በር አይለቅ

አንድ ግቢ ነበር፤ ግቢው አንድ ውሻ ነበረው፤ ሁለተኛ መጣ። ጣጣው ሁሉ የጀመረው ከዚህ ነው።

የግቢው ባለቤት እትዬ ይርገዱ ናቸው፤ የቆየው ውሻቸው መከታ ይባላል። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ መንገድ ላይ የተጣለች ቡችላ አገኙና «ሚጣ» ብለው ይዘዋት መጡ። መከታ በሩ ላይ ተጋድሞ ጥርሱን አሳየ።

«ተው እንጂ መከታ! ሲመሽ ጅብ ከገደሉ ይወጣል። ውጭ ካደረች ይበላታል!»

መከታ ወይ ፍንክች!

በአጥንት ልደልለው አሉና ሚጣን በገመድ ይዘው ወደ ሉካንዳ ሄዱ። መከታ መቼ ቤት ይቀመጣል! በመንገዱ ማዶ እያጉረመረመ ተከተላቸው።

«እባክህ አጥንት ስጠኝ፤ መከታ በር አይለቅ።»

«ቢላዬ ዶልዱሟል እትዬ፤ አጥንቱን በምን ከሥጋው ልለየው? አስለው ካመጡልኝ የእርስዎ ነው» አለ ባለሉካንዳው።

ቢላውን ይዘው ወደሚስለው ሰው፣ ወደ ሳዩ ሄዱ። መከታ መንገዱን ተሻግሮ ከኋላ ከኋላ መጣ፤ ማጉረምረሙን ግን አልተወም።

«ቢላ ሳልልኝ፤ መከታ በር አይለቅ፣ ባለሉካንዳው አጥንት አይሰጥ።»

«መሳያዬ የሚዞረው በጠፍር ነው፤ ጠፍሩ ተበጠሰ። አሰፍተው ካመጡልኝ እስላለሁ።»

ጫማ ሰፊው ዘንድ ሄዱ። መከታ ጠጋ ብሎ የሚጣን ጭራ አሸተተና ምንም እንዳላደረገ ሰው ፊቱን አዞረ።

«ጠፍር ስፋልኝ ልጄ፤ መከታ በር አይለቅ፣ ባለሉካንዳው አጥንት አይሰጥ፣ ሳዩ ቢላ አይስል።»

«ክሬ ያለ ሰም አይበረታም፤ ሰም ካመጡልኝ እሰፋለሁ።»

ንብ አናቢው አያ ሽበሺ ዘንድ ሄዱ። አሁን መከታ ከሚጣ ጎን ነበር። እትዬ ይርገዱ አላዩትም፤ የሚያዩት ፀሐይዋን ነበር።

«ሰም ይስጡኝ አያ ሽበሺ፤ መከታ በር አይለቅ፣ ባለሉካንዳው አጥንት አይሰጥ፣ ሳዩ ቢላ አይስል፣ ሰፊው ጠፍር አይሰፋ፤ ቀኑም መሸብኝ!»

«ሰሙ ጎጆው ውስጥ ነው እህቴ። ይኸው የጎረቤት ሙክት ደጁ ላይ ቆሞ አላስገባ ብሎኛል፤ እግሬን እንደሆነ ያውቁታል፣ አያስሮጠኝም። ያባሩልኝና ይውሰዱ።»

እትዬ ይርገዱ «ሂድ!» አሉት። ሙክቱ አመነዠከ። ሚጣ ገመዷን አስለቅቃ ሮጠችና በዚያ በቀጭን ድምጿ ጮኸችበት። ሙክቱ ቀንዱን ዝቅ አድርጎ ተንደረደረባት። እትዬ ይርገዱ ዓይናቸውን ጨፈኑ።

ሲገልጡ መከታ መሃል ገብቷል። ያ ሲያጉረመርምባት የዋለው መከታ! አንዴ ቢጮህ ሙክቱ በአጥሩ ላይ ዘሎ ጠፋ።

ሙክቱ ደጁን ለቀቀ፤ አያ ሽበሺ ሰም ሰጡ፤ ሰፊው ጠፍር ሰፋ፤ ሳዩ ቢላ ሳለ፤ ባለሉካንዳው አጥንት ሰጠ። ጅቡ ሳይወጣ እትዬ ይርገዱ እያለከለኩ በራቸው ደረሱ።

«በል እንካ አጥንትህን፤ በር ልቀቅ!»

ማን ይልቀቅ? በሩ ላይ ማንም የለም። ወደ ውስጥ አሻግረው ቢያዩ መከታና ሚጣ ቀድመዋቸው ገብተው፣ በመከታ ጆንያ ላይ ጀርባ ለጀርባ ተኝተዋል።

ውጭ የቀሩት አጥንት የያዙት እትዬ ይርገዱ ብቻ ነበሩ።