ሃያ ሁለት ምት

አንድ ከበሮ ሠሪ ነበር፤ ስሙ ስንሻው ይባላል። ዋንዛ ፈልፍሎ፣ ቆዳ ወጥሮ፣ በጠፍር አጥብቆ የሚሠራው ከበሮ ማለፊያ ነበር። ችግሩ ከአጥሩ ማዶ ባይለየኝ የሚባል ሌላ ከበሮ ሠሪ መኖሩ ነው። ሰው የባይለየኝን ሥራ ሲያደንቅ ስንሻው ምሳው አይወርድለትም። የራሱን ሲያደንቁለት ደግሞ "በልባቸው ከባይለየኝ ጋር እያወዳደሩኝ ነው" ብሎ እንደገና ይቆስላል። ቀናተኛ ሲሰድቡትም ሲያመሰግኑትም ያመዋል።

በዚያ አገር ከበሮ ሠሪ የገዛ ሥራውን አይመታም። አዲስ ከበሮ ሲያልቅ የመጀመሪያውን ምት መትቶ "ድምፅህ ይባረክ" የሚለው የሙያ ባልደረባው ነው። ስንሻው ግን ከበሮውን ይዞ ወደ ባይለየኝ ደጅ መሄድ ከተወ ሰባት ዓመት ሆኖታል። ሳያስመታ ይሸጣል፤ ገዢውም ተሸክሞ ወደ አገሩ ይሄዳል። ስለዚህ የእጁ ሥራ ምን ዓይነት ድምፅ እንዳለው ራሱ ስንሻው አያውቅም ነበር።

አንድ ዓመት ንጉሡ "በመስቀል ዕለት ድምፁ ከሁሉ የበለጠው ከበሮ የአደባባዩ ከበሮ ይሆናል፤ የሠሪውም ስም በየዓመቱ ይጠራል" ሲል አዋጅ አስነገረ። ስንሻው አንድ ወር ሙሉ ደከመ፤ እንደዚያ አሳምሮ የፈለፈለው ግንድ አልነበረም። ቆዳውንም ውሃ ውስጥ ዘፈዘፈ። የቀረው በማግስቱ በርጥቡ መወጠር ብቻ ነበር፤ ቆዳ ቀኑ ካለፈ ይሸታል፣ ለምንም አይሆንም።

በዚህ መሀል ከአጥር ማዶ የባይለየኝ መጥረቢያ ቋ፣ ቋ ሲል ሰማ። ሥራው ከእጁ ወደቀ።

"ይህ ሰው አንድ የደበቀው ምስጢር አለው" አለ ለሚስቱ።

"የራስህን ወጥር እንጂ፤ የሰው ምስጢር ምን ያደርግልሃል?" አለችው፣ መዳህ የጀመረች ልጃቸውን አቅፋ።

"ሰሚ ዋሻ ደርሼ እመጣለሁ። ቆዳው ሳይለሰልስ እመለሳለሁ።"

"ሳይቸግር ጤፍ ብድር" አለችና ትታው ገባች።

ሰሚ ዋሻ ከከተማው በላይ ያለ ዋሻ ነው። እዚያ የተቀመጠ ሰው የአገሩን ድምፅ ሁሉ ይሰማል። ሽማግሌዎች ግን "ድምፅ ይሰጣል፣ ዕድሜ ይቀበላል" እያሉ ልጆቻቸውን ያስጠነቅቃሉ። ስንሻውም ይህን ሲሰማ ነው ያደገው። ምን ያደርጋል፣ ቅናት የሚያውቁትን ያስረሳል።

ገብቶ ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። የሰው ወሬ፣ የከብት ጩኸት፣ ዝናብና ነፋስ፣ ሁሉም ተደባልቆ እንደ ንብ መንጋ ጆሮው ላይ እምም አለ። አንዱን ከሌላው መለየት አልቻለም። ከዚያ ሁሉ መሀል አንድ የከበሮ ምት ጥርት ብሎ ወጣ።

ድም።

እንዲህ ያለ ድምፅ ሰምቶ አያውቅም። ወፍራም ነው፣ ግን ይጣራል፤ ደረት ውስጥ ገብቶ ይቆያል። ስንሻው እርር ድብን አለ። "ባይለየኝ ጨርሶታል ማለት ነው" አለ። እምምታው ተመለሰ፤ ጥቂት ቆይቶ እንደገና ድም። "ይህ ሰው እጁን አያመውም?" አለ። ሊነሣ ያስብና "አንዴ ብቻ ልስማና ምስጢሩን ልያዝ" ብሎ ይቀመጣል። እንዲህ ሲል ሃያ ሁለት ምት ቆጠረ። በሃያ ሁለተኛው አለቀሰ፤ ያለቀሰውም ድምፁ ስላማረ ሳይሆን የእርሱ ስላልሆነ ነበር። እንባውን ጠርጎ ወጣ። በእርሱ ግምት ግማሽ ቀን እንኳ አልሞላም።

ቤቱ ሲደርስ ቁርጥ ሚስቱን የምትመስል ሴት በሩን ከፈተችለት።

"ማንን ፈልገው ነው?" አለች እንደ እንግዳ።

"የዚህ ቤት ባለቤት ነኝ፤ ስንሻው። ሚስቴን ጥሪልኝ።"

ሴትዮዋ መቃኑን ተደገፈች። "ስንሻው አባቴ ነው" አለች። "እኔ ገና ስድህ እንደ ወጣ ቀረ። እናቴም መንገድ መንገዱን ስታይ ኖራ አምና ዐረፈች።"

ድምፁን የሰማ አንድ ነጭ ሽበታም ሽማግሌ በምርኩዝ ከአጥር ማዶ መጣ። ባይለየኝ ነበር። አንዲት ሽበት ያላበቀለውን ጎረቤቱን ሲያይ አማተበ። ስንሻው ግን ከሐዘኑ ቀድሞ ቅናቱ ተናገረ፤

"ያንን ከበሮ እንዴት አድርገህ ሠራኸው?"

"የትኛውን?"

"ሃያ ሁለት ጊዜ የመታኸውን።"

"እርሱ የእኔ አይደለም፤ የአንተ ነው" አለ ባይለየኝ። "በሄድህ ማግስት ሚስትህ 'ቆዳው ሊበላሽ ነው' ብላ መጣች። የእኔን ትቼ የአንተን ወጠርሁ። ግንዱን የፈለፈልኸው አንተ ነህ፤ እኔ ጠፍሩን ነው ያጠበቅሁት። መስቀል ሲደርስ የእኔው አላለቀም፣ የአንተን በስምህ አቀረብሁ፣ ንጉሡም መረጠው። ወግ ነውና የመጀመሪያውን ምት እኔ መታሁልህ። ከዚያ ወዲህ በየመስቀሉ አንድ አንድ ምት የምመታው እኔው ነኝ። የሆነ ቦታ ሆነህ ብትሰማ ሥራህን ዐውቀህ ትመጣለህ ብዬ።"

ያን ጊዜ ለስንሻው ገባው። በዋሻው ውስጥ አንዱ ምት አንድ መስቀል፣ አንድ ዓመት ነበር። ደጃፉ ላይ ቁጭ አለ። ልጁ ውሃ አመጣችለት፤ "አባባ" ለማለት ግን አፏ አልታዘዘላትም፣ አባቷ በዕድሜ ከባሏ እምብዛም አይበልጥም ነበርና።

ወዳጄ፣ ቅናት ከጎረቤት ጎተራ አንዲት ፍሬ አያጎድልም፤ የሚበላው የባለቤቱን ዕድሜ ነው። የሰው ደጅ ላይ ጆሮውን የጣለ የራሱን ሥራ ድምፅ እንኳ አይለይም። ይህችን ታሪክ ከአጥርህ ማዶ ላለው ሰው ከመንገርህ በፊት አንድ ነገር ራስህን ጠይቅ፤ ዛሬ እንቅልፍ የነሣህ ያ ድምፅ፣ ሌላው ሰው በስምህ የሚመታልህ የራስህ ከበሮ ቢሆንስ?