ለአንድ አፍታ ብቻ

አንድ አባት ነበረ፤ ልጁ ያለ ጊዜው የተወለደበት። ሥራው ወፍጮ ቤት ነው። ወፍጮው የአጎቱ ነው፣ የሚያድርበትም ክፍል በአጎቱ ግቢ ውስጥ ነው። አጎትየው ሀብታምና የተከበረ ሰው ነበር፤ ይህን አባት ወላጆቹ ሲሞቱበት ወስዶ ያሳደገው፣ ለወግ ማዕረግ አብቅቶ የዳረውም እሱ ነው። አባትየው አጎቱን እምቢ ብሎት አያውቅም። እምቢ ማለት እንደሚቻልም አስቦ አያውቅም።

ይህን የተናገሩት ሲስተር ትርንጎ ናቸው፤ ዕድሜያቸውን በጨቅላ ሕፃናት ክፍል በነርስነት ጨርሰው፣ ጡረታ ወጥተው ወደ ትውልድ ከተማቸው የተመለሱ ሴት። የተናገሩትም ለከተማዋ ትምህርት ቤት ርእሰ መምህርት፣ ለየውብዳር ነው። የየውብዳር ጥያቄ አጭር ነበር። ትምህርት ቤቱ ለብዙ ጊዜ ተዘግቶ ኖሮ በስንት ልፋት ከተከፈተ ዓመት እንኳ አልሞላውም። አሁን የወረዳው ሰዎች መጥተው፣ ማዳበሪያው ለገበሬው ተከፋፍሎ እስኪያልቅ ክፍሎቹን ለመጋዘን አውሺን ብለዋታል። ለአንድ ወር ብቻ ነው ብለዋታል። ሲጠይቋትም በትሕትና ነበር።

«አንድ ወር ምን አላት፣ እትዬ ትርንጎ?» አለች የውብዳር። «ሰጥቻቸው በሰላም ብኖር ምን እጎዳለሁ?»

ሲስተር ትርንጎ አዎም አይም አላሉም። የአባትየውን ነገር ቀጠሉ።

ልጁ ሲወለድ በመዳፍ የሚያዝ ነበር። ሳንባው አልጠናም። ሐኪሞቹ መጀመሪያ በተለመደው የመተንፈሻ መሣሪያ አገዙት፤ እንደ ሰው ትንፋሽ ደረትን ከፍ ዝቅ በሚያደርገው ማለት ነው። አልሆነም። ግፊቱን ሲጨምሩት ሳንባውን ሊቀድደው ሆነ፤ ሲቀንሱት ልጁ ጠቆረ። ስለዚህ ወደ ሌላ መሣሪያ አዛወሩት። ይኼኛው ደረት አያነሣም፣ አይጥልም። ሳንባውን በማያቋርጥ ግፊት ገልጦ ይይዝና፣ አየሩን በትንሽ በትንሹ፣ ዓይን ሊከተለው በማይችል ፍጥነት ያርገበግበዋል። ድምፁ ሩቅ ያለ የወፍጮ ሞተር ይመስላል። ልጁም ከደረቱ እስከ ጭኑ ይንቀጠቀጣል።

አባትየው ዶክተሯን ይህ ትንፋሽ ነው ወይ ብሎ ጠየቃት። ዶክተሯ ብዙ ማውራት የምትወድ ሴት አልነበረችም። አንድ ባዶ ፌስታል አነሣች፣ ከቧንቧ ውሃ አስነካችው፣ በሁለት እጇ ጨምቃ ሰጠችውና ንፋው አለችው። የፌስታሉ ግድግዳ እርስ በርሱ ተጣብቋል። ነፋ፣ እምቢ አለው። ጉንጩን ወጥሮ ሲነፋ ፌስታሉ ከጎኑ ተተረተረ። ሌላ ፌስታል አረጠበች፤ ይኼኛውን ግን በጣቷ ቀስ እያለች ገለጠችው፣ ትንሽ አየር አስገባችበት፣ አፉን ይዛ ሰጠችው፤ ይኼኛው በቀላሉ ተነፋለት።

«የልጅህ ሳንባ ይኼ ነው» አለችው። «ተከፍቷል። መሣሪያው ተመልሶ እንዳይጣበቅ ይዞታል። አንተ ደረቱን አትመልከት።»

ታዲያ ምኑን ልመልከት ቢላት ነገረችው። የልብ ምቱን በስክሪኑ ላይ፣ የከንፈሩን ቀለም፣ ከደሙ የሚወሰደውን ምርመራ፣ የሽንት ጨርቁን። ሽንት ጨርቅ ስትለው የምትቀልድ መስሎት ነበር። አልቀለደችም። ደም ኩላሊቱ ካልደረሰ ሽንት የለም አለችው።

ከዚያ አንድ ቀን አንሶላ ሲቀየር በልጁ ጉሮሮ የገባው ቱቦ ከመሣሪያው ተላቀቀ። ወዲያው ተመልሶ ተገጠመ፤ አፍታ እንኳ አይባልም። ልጁ ግን አመድ መሰለ። የተገጠመው ያው ቱቦ፣ ያው መሣሪያ ነው፤ ሳንባው ግን የቀድሞው አልሆነም፤ ከፍተው ወደነበረበት እስኪመልሱት ድረስ ቀኑ መሸ። አባትየው ይህን ሁሉ በመስታወቱ በኩል ቆሞ አየ። ወፍጮ ሲቆም ሞተሩን እንደገና ታስነሣዋለህ፣ እህሉም ካቆመበት ይቀጥላል። ይኼ እንደዚያ እንዳልሆነ ያን ቀን ገባው።

አጎትየው ሊጠይቅ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በመስታወቱ አየ። ያየው ሕፃን የማያለቅስ፣ የማያዛጋ፣ ደረቱ የማይነሣ፣ ዝም ብሎ የሚንቀጠቀጥ ነው። ልጁ ሞቷል አለ። ሬሳ ያንቀጠቅጣሉ፣ መሣሪያቸውን በእኛ ልጅ ይለማመዱበታል፣ አንተም አፍህን ከፍተህ ታያለህ አለ። አውጣውና በወጉ እንቅበረው አለ። እናትየው በቀዶ ጥገና ወልዳ በሌላ ክፍል ተኝታለች፤ ለእሷ ምንም እንዳይነገራትም አዘዘ።

አባትየው፣ ቆይ ጋሼ፣ አለ።

ሌላ ምንም አላለም። አጎትየው ግን ይህችን ቆይ የምትል ቃል በዕድሜው ካሳደገው ልጅ አፍ ሰምቷት አያውቅም። ፊቱን አዙሮ ወጣና ሽማግሌ ላከ።

ሽማግሌ ሲላክ እንዴት እንደሚሆን ይታወቃል። ነጠላና ጋቢያቸውን ለብሰው ይመጣሉ፤ ወንበር ይቀርብላቸዋል፤ አይቀመጡም። የመጣንበትን ጉዳይ እሺ ካላልከን አንቀመጥም ይላሉ። ሽማግሌን አቁሞ ማዋል ነውር ስለሆነ ሰው ቶሎ እሺ ይላል። አጠያየቃቸውም የራሱ ዘዴ አለው። መጀመሪያ ትልቁን ይጠይቃሉ። ትልቁ እንደማይሰጥ እነሱም ያውቃሉ። ከዚያ ዝቅ ብለው ትንሹን ሲጠይቁ፣ ትልቁን የከለከለ ሰው ትንሹንም መከልከል ያፍራል።

በሆስፒታሉ ግቢ፣ የልብስ ማጠቢያው አጠገብ ቆሙ። አባትየው ከዘበኛው የፕላስቲክ ወንበሮች ተውሶ ደረደረላቸው። አልተቀመጡም። ልጁን አውጣልን፣ ወደ አገሩ እንውሰደው አሉ። አይሆንም አላቸው። ይህን ጠብቀውት ነበር።

ከመካከላቸው ታላቁ ሽማግሌ ሞኝ ሰው አልነበሩም። በአገሩ ሰው ሲያጣጥር የሚጠሩት እሳቸው ናቸው። ብጣሽ ባዘቶ ጥጥ በታማሚው አፍንጫ ሥር ይይዛሉ፤ ባዘቶው ከተርገበገበ ሰውየው አለ፣ ካልተርገበገበ ዓይኑን ይከድኑታል። ተሳስተው አያውቁም ይባላል። ያን ቀንም ባዘቶውን ይዘው መጥተው ነበር። ከጋቢያቸው ሥር አወጡት።

«ልጄ፣ ውሰደው ያልነውን ትተነዋል» አሉት። «መሣሪያውን ለአንድ አፍታ ብቻ ያቁሙት። ይህችን በአፍንጫው ሥር አስጠጋታለሁ። ከተርገበገበች ልጅህ ሕያው ነው፣ አጎትህን እኔው ራሴ እገሥጸዋለሁ። ካልተርገበገበች ደግሞ አብረን እናልቅስ።»

የሚያስቆጣ ነገር አልነበረውም። ዘበኛው ሳይቀር ራሱን ነቀነቀ። አባትየውም ልቡ ወደ እሺታ እንዳዘነበለ ተሰማው፤ እሺ ቢል ቤቱን፣ ሥራውን፣ አጎቱን ያተርፋል፤ ሽማግሌዎቹም ይቀመጣሉ። አፍታ ናት። ከዚያ አንሶላ የተቀየረበትን ቀን አሰበ።

«አይሆንም፣ አባቴ።»

«ምኑ ነው የማይሆነው? አፍታ እኮ ነው ያልንህ።»

«አፍታነቷ ለእርስዎ ነው። ለእሱ አይደለም።»

ሁለተኛው ሽማግሌ ምላሳቸው ስለታም ነበር። ጆንያም አይሱዙ ላይ ብትጭነው ሲንቀጠቀጥ ይውላል፣ እህሉ ሕይወት አለው ማለት ነው እንዴ አሉት። ሌሎቹ ፈገግ አሉ። አባትየው አልተቆጣም፤ የተባለው እውነት ነበርና።

«ልክ ነዎት» አላቸው። «መንቀጥቀጡን እኔም አላምነውም። ግን ዛሬ ጠዋት ሽንት ጨርቁን ለውጠውለታል።» ወደ ታላቁ ሽማግሌ ዞረ። «እርስዎ ስንቱን ገንዘዋል፤ የሚሸና ሬሳ ገጥሞዎት ያውቃል?»

ታላቁ ሽማግሌ የጋቢያቸውን ጫፍ ወደ አፋቸው ወሰዱ። ሳል ነው ሊሉ ፈለጉ፤ ሳል እንዳልነበረ ግን ሁሉም አየ።

ሆኖም አላበቃም። ሽማግሌዎቹ ባዶ እጃቸውን ቢመለሱ አጎትየው ምን እንደሚያደርግ ነገሩት። ቤት የለህም፣ ወፍጮውንም እርሳው፣ ብትሞት የሚቀብርህ ዘመድ አታገኝም አሉት። ይህን ሲሉት ማስፈራራታቸው አልነበረም፤ የሚሆነውን ነበር የነገሩት። እሱም እንደሚሆን ያውቃል።

«ይሁን» አላቸው። «እናንተ ከቆማችሁ እኔም አብሬያችሁ እቆማለሁ። ልጁ ግን አይነካም።»

ቆሙ። ፀሐይ ከልብስ ማጠቢያው ጣሪያ በላይ ወጣች። የታጠቡት አንሶላዎች ደርቀው ተሰበሰቡ። ጠያቂዎች ገብተው ወጡ፤ አንዳንዱ እየዞረ ያያቸዋል፤ ወንበር ሞልቶ ሰው ሁሉ የቆመበት ነገር ምንድን ነው ይላል። አባትየው እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ፣ ዓይኑን ከመሬት ሳያነሣ፣ እግሩንም ሳያነሣ ቆመ። ከሽማግሌ ጋር ዓይን ለዓይን መተያየት ነውር ስለሆነ ቀና አላለም። ወደ ኋላም አላለም።

በመጨረሻ ታላቁ ሽማግሌ ባዘቶውን በጣታቸው ጠቅልለው ወደ ኪሳቸው ከተቱት። ወንበሩን ወደ ራሳቸው ሳቡና ተቀመጡ። እሺ ያላቸው ሰው አልነበረም። ሌሎቹ እርስ በርስ ተያዩ፤ ከዚያ አንድ በአንድ ተቀመጡ። ባለምላሱ ሽማግሌ ናቸው የመጨረሻው።

«ውሃ አምጣልን» አሉት ታላቁ። ከጠጡ በኋላ ጠየቁት። «ከመሣሪያው መቼ ያወጡታል?»

«ሳንባው ራሱን ክፍት አድርጎ መያዝ ሲችል።»

«እንግዲያው ይቆይ» አሉ።

አጎትየው ግን አልተቀመጠም። የአባትየውን ዕቃ ከግቢው በር ውጭ አስወጣው፤ አልጋውን ዝናብ መታው። አባትየው ሚስቱ ከሆስፒታል ስትወጣ የወሰዳት ወደ ሰው ጓሮ ነው። እስካሁንም የአጎቱን ደጅ አልረገጠም። ልጁ ሲጠና ሐኪሞቹ ግፊቱን ቀስ በቀስ ቀነሱለት፣ ወደ ተለመደው መሣሪያ መለሱት፣ በኋላም ለራሱ ትንፋሽ ተዉት። ሲያለቅስ ድምፁ ሻካራ ነበር፤ ቱቦ ጉሮሮው ውስጥ ስለቆየ ነው።

እዚህ ላይ ሲስተር ትርንጎ ወደ የውብዳር ዞሩ።

«ልጁ ስለተረፈ አይደለም የነገርኩሽ» አሏት። «ባይተርፍም አባቱ ልክ ነበር፤ ለአንቺም መልሴ ያው ነው። ያንቺ ትምህርት ቤት ያ ሳንባ ነው። ተዘግቶ ሲኖር ግድግዳው ተጣብቆ ነበር፤ ልጆቹ ገበያ ገብተዋል፣ ሴቶቹ ተድረዋል፣ ዴስኩ ለሠርግ ድንኳን ተወስዶ ቀርቷል። አንቺ ቤት ለቤት እየዞርሽ በጣትሽ ነው የገለጥሽው። አንድ ጊዜ ከተለቀቀ ማዳበሪያው ያልቃል፣ ቁልፉም ይመለስልሻል፣ ልጆቹ ግን እንደ ወፍጮ እህል ካቆሙበት አይቀጥሉም። የወረዳው ሰዎች ክፉ አይደሉም። ሽማግሌዎቹም ክፉ አልነበሩም። አንድ ወር ያሉሽ ለእነሱ አንድ ወር ስለሆነ ነው። ትምህርት ቤቱ ከጠና በኋላ ለአንድ ወር ቢጠይቁሽ ስጪ፤ ያን ጊዜ ራሱ ይከፈታል። ዛሬ ግን አይችልም።»

የውብዳር፣ ተመልሰው መምጣታቸው አይቀርም፣ አለች። ደጅ ላይ ቆመው አንሄድም ቢሉስ አለች።

«ወንበር አውጪላቸው» አሉ ሲስተር ትርንጎ። «ውሃም ስጫቸው። ከተቀመጡ እሰየው። ካልተቀመጡ ግን እነሱ ይቁሙ፣ አንቺ ገብተሽ አስተምሪ።»