አሥሩ ቀለበት በቁምሳጥን ውስጥ

ልንገራችሁ? ንገሪን በሉኛ። አንድ ቁምሳጥን ነበረ። በቁምሳጥኑ ውስጥ አሥር ቀለበት ነበረ። ከቁምሳጥኑ ውጭ ደግሞ ትርንጎ ነበረች።

ቀለበት ስል የወርቅ እንዳይመስላችሁ። ከእንጨት የተጠረቡ፣ አምስቱ ቀይ፣ አምስቱ ቢጫ፣ ሁለት ዘንግ በቆመበት ሰሌዳ ላይ የሚሰኩ ናቸው። ሰባቱ በአንዱ ዘንግ ሲሰኩ ሦስቱ ለሌላው ይተርፋሉ፤ ስድስቱ ሲሰኩ አራቱ። አሥር ከስንትና ከስንት እንደሚሞላ ልጅ በዓይኑ ያያል፣ በእጁ ይዳስሳል። አናጺ ደጅ ቆሜ ያሠራኋቸው እኔ ነኝ፣ የአንደኛ ክፍል መምህርት እልፍነሽ። ታዲያ በመርጃ መሣሪያዎች ኤግዚቢሽን ላይ አንደኛ ወጡና ባለመስታወት ቁምሳጥን ውስጥ ተቆለፈባቸው። ሁለተኛ ቢወጡ ኖሮ ክፍሌ ውስጥ ይሆኑ ነበር።

ትርንጎ ሰባት ዓመቷ ነው። ከተወለደች ጀምሮ በእያንዳንዱ እጇ አራት አራት ጣት ነው ያላት። እናቷ ምንም ሳትል አሳደገቻት፣ የሰፈሩ ልጆችም ለምደውታል፤ ነገሬ ያለው ሰው የለም። እኔም ስድሳ ሦስት ልጅ ይዤ እስከ ኅዳር አላየሁትም። ቀለበት ስለሌለኝ በጣት አስተምራለሁ። “ሰባት አውጡ” እላለሁ፤ ያወጣሉ። “ስንት ታጥፎ ቀረ?” እላለሁ። ክፍሉ “ሦስት” ይላል። ትርንጎ “አንድ” ትላለች። ክፍሉ ይስቃል። “ስምንት አውጡ” እላለሁ። ክፍሉ “ሁለት ቀረ” ሲል ትርንጎ “ምንም አልቀረም” ትላለች። ክፍሉ ይስቃል። አንድ ቀን እኔም ሳቅሁ፤ አልዋሻችሁም። ከዚያ በኋላ ነው እጇን ያየሁት። ልጅቷ አንድም ቀን ተሳስታ አታውቅም።

ርዕሰ መምህሩ አቶ ዘርይሁን እስከ መንፈቀ ዓመት ድረስ አሥርን መሙላት ያልቻለ ልጅ ወደ ዜሮ ክፍል ይመለሳል ብለው ማስታወቂያ ለጥፈው ነበር። የትርንጎ እናት ደግሞ ቁርጡን ነግራኛለች። “ቲቸር፣ አይገባትም ካላችሁ ቤት ትዋልና ትርዳኝ” ብላኛለች። እንግዲህ የፈለግሁት ትንሽ ነገር ነው፤ ከእጇ ውጭ የሚቆጠር አሥር ነገር። ጠጠር አትለቅሚም ወይ ትሉኝ ይሆናል። አንድ ልጅ ባቄላ አፍንጫው ውስጥ ከትቶ ሐኪም ቤት ከተወሰደ ወዲህ ጠጠርም፣ ባቄላም፣ ቆርኪም ክፍል እንዳይገባ ተከልክሏል። የጣሰ መምህር ማስጠንቀቂያ ይጻፍበታል። ግቢው በጠጠር ተሞልቷል፤ እኔ ግን ፈራሁ። ይህንንም ያዙልኝ።

ወደ ቁምሳጥኑ ሄድኩ። “ቁምሳጥን፣ ቀለበቶቼን ስጠኝ” ብለው “ተቆልፌያለሁ” አለኝ። ቁልፉ ያለው ከንብረት ክፍሉ ከአቶ ጫንያለው ወገብ ላይ ነው። አቶ ጫንያለውም “እኔ ምን ቸገረኝ መምህርት፤ የርዕሰ መምህሩን ፊርማ አምጪና አሁኑኑ ልክፈትልሽ” አሉኝ። ቁምሳጥኑ ቀለበቱን አልሰጥም አለ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን አልከፍትም አለ። ትርንጎም “አንድ” አለች፣ ክፍሉም ሳቀ።

ወደ አቶ ዘርይሁን ሄድኩ። እስክሪብቶው እጃቸው ላይ ነበር። “ፊርማ ቀላል ነው” አሉኝ። “ግን መምህርት እልፍነሽ፣ ከትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ገምጋሚ መጥቶ ቁምሳጥኑን ባዶ ቢያገኘው የሚጠየቀው ማን ነው? ሱፐርቫይዘሯ ይፍቀዱ፣ እኔ እፈርማለሁ።” እስክሪብቶውን ከደኑት። ቁምሳጥኑ ቀለበቱን አልሰጥም አለ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን አልከፍትም አለ፣ ፊርማው ቁልፉን አላዝም አለ። ትርንጎም “አንድ” አለች፣ ክፍሉም ሳቀ።

ሐሙስ ሱፐርቫይዘሯ ወይዘሮ የሺመቤት መጡ። ቁምሳጥኑ ፊት ቆመው በመስታወቱ አደነቁልኝ። “ሥራሽን እኮ ነው ያከበርነው የኔ እመቤት” አሉኝ። “ልጆች ከነካኩት ቀለሙ ይለቃል። የገምጋሚው ቡድን አይቶት ይሂድ፣ ከዚያ እንደፈለግሽ።” ለልጆች የተሠራ ነገር ልጆች ሲነኩት ይበላሻል ማለታቸው ነው። እኔም “እሺ” አልኩ፤ አፌ ሌላ ቃል አልለመደም። ቁምሳጥኑ ቀለበቱን አልሰጥም አለ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን አልከፍትም አለ፣ ፊርማው ቁልፉን አላዝም አለ፣ ፈቃዱ ፊርማውን አልፈታም አለ። ትርንጎም “አንድ” አለች፣ ክፍሉም ሳቀ። በዚያ ሰሞን እሷም ከክፍሉ ጋር መሳቅ ጀምራ ነበር።

ቡድኑ መቼ ይመጣል ብዬ እስከ ትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ድረስ ሄድኩ። አንዲት ወጣት ኮምፒዩተሯን ሳትለቅ “የእናንተ ትምህርት ቤት ሪፖርት አልደረሰንም። ያለ ሪፖርት ቡድን አይንቀሳቀስም” አለችኝ። ቁምሳጥኑ ቀለበቱን አልሰጥም አለ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን አልከፍትም አለ፣ ፊርማው ቁልፉን አላዝም አለ፣ ፈቃዱ ፊርማውን አልፈታም አለ፣ ቡድኑ ፈቃዱን አልለቅም አለ፣ ሪፖርቱ ቡድኑን አልጠራም አለ። ትርንጎም “አንድ” አለች፣ ክፍሉም ሳቀ።

ተመልሼ የትምህርት ቤታችንን ጸሐፊ ሮማንን “ሪፖርቱን ለምን አትልኪውም?” አልኳት።

“አልቋል እኮ፤ አንድ ቦታ ብቻ ነው ባዶ የቀረው” አለችኝ። “ከአንደኛ ክፍል አሥርን መሙላት የቻሉ ልጆች ብዛት።”

“እሱን የሚሰጥሽ ማን ነው?”

“አንቺ ነሻ፣ እትዬ እልፍነሽ።”

ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ያን ሁሉ በር ሳንኳኳ የመጨረሻው በር የራሴ ኖሯል። ቁምሳጥኑ ቀለበቱን አልሰጥም አለ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን አልከፍትም አለ፣ ፊርማው ቁልፉን አላዝም አለ፣ ፈቃዱ ፊርማውን አልፈታም አለ፣ ቡድኑ ፈቃዱን አልለቅም አለ፣ ሪፖርቱ ቡድኑን አልጠራም አለ፣ ባዶው ቦታ ሪፖርቱን አልልክም አለ። ስድሳ ሁለት ብዬ ብሞላው ትርንጎ ዜሮ ክፍል ትመለሳለች። ባዶው ቦታ ያለ ትርንጎ አይሞላም፣ ትርንጎ ያለ ቀለበት አትችልም፣ ቀለበቱ ያለው ቁምሳጥኑ ውስጥ ነው። ደግሞ ልጀምር? አልጀምርም፤ ደከመኝ።

የሮማንን እስክሪብቶ ተቀበልኳትና ጻፍኩ። ከስድሳ ሦስት ልጆች አሥርን መሙላት የቻሉ፣ ስድሳ ሦስት። አሥር ጠጠር ክፍል ማስገባት የፈራሁት ሴትዮ ይህን ለመጻፍ አልፈራሁም። ለጠጠር ማስጠንቀቂያ ይጻፋል፤ ለእንዲህ ያለው ግን ማንም አይጽፍም። ሮማንም አይታው ማኅተሙን ወደ ራሷ ሳበች።

ከዚያማ እንዴት እንደሮጠ ብታዩ። ባዶው ቦታ ሞላና ሪፖርቱን ላከ፣ ሪፖርቱ ቡድኑን ጠራ፣ ቡድኑ በሁለት መኪና መጣ። ቁምሳጥኑን ፎቶ አነሣ፣ ለስላሳ ጠጣ፣ በውጤታችን ተደሰተ፣ ፈቃዱን ለቀቀ። ፈቃዱ ፊርማውን ፈታ፣ ፊርማው ቁልፉን አዘዘ፣ ቁልፉ ቁምሳጥኑን ከፈተ፣ ቁምሳጥኑ ቀለበቱን ሰጠ። ሦስት ወር አልንቀሳቀስ ያለው ነገር በአንድ ቁጥር በአራት ቀን አለቀ። ትርንጎ ዜሮ ክፍል አልተመለሰችም፣ እናቷም ቤት አላስቀረቻትም። በወረቀቱ ላይ ገና ድሮ የቻለች ልጅ ናት።

በማግስቱ ጠዋት ሰሌዳውን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጬ መጀመሪያ የጠራሁት እሷን ነው። ዘንጉ ላይ ትሰካቸዋለች ብዬ ነበር። ልጅ ናትና፣ ቀለበት ሲሰጣት ጣቷ ላይ አደረገችው። ቀዩን በቀኝ፣ ቢጫውን በግራ። ስምንቱ ጣቶቿ ሁሉ ቀለበት አገኙ። አንድ ቀይና አንድ ቢጫ ጠረጴዛው ላይ ቀሩ። እጆቿን ዘርግታ አየች፤ ደስ ብሏት ነበር። ከዚያ የቀሩትን አየች።

“ቲቸር፣ እነዚህ የማን ናቸው?” አለችኝ።

ያን ጊዜ ዝም ማለት ነበረብኝ። እኔ ግን ትምህርቴን ቀጠልኩ። “ስምንት ገባ። ስንት ተረፈ?”

“ሁለት።”

“ስለዚህ ስምንትና ሁለት?”

ከፊት መቀመጫ ሰሎሜ የምትባል ልጅ ተራዋን እየጠበቀች እጆቿን ዴስኩ ላይ ዘርግታለች። ትርንጎ የሰሎሜን ጣቶች በከንፈሯ አንድ፣ ሁለት እያለች እስከ መጨረሻው ቆጠረች። ከዚያ ወደ ራሷ እጅ ተመለሰች።

“አሥር” አለች። ቀጥላም ማንም ሳይጠይቃት “እኔ ሁለት ይጎድለኛል” አለች።

መልሱ ትክክል ነበር። በትክክል ለመለሰ እንዲያጨበጭቡ ያስተማርኳቸው ደግሞ እኔ ነኝ። ስድሳ ሁለት ልጅ አጨበጨበላት። ትርንጎ ቀለበቶቹን አንድ በአንድ አወለቀችና ጠረጴዛው ላይ መለሰቻቸው፤ እጆቿን በሹራቧ እጅጌ ውስጥ አስገብታ ወደ ቦታዋ ሄደች። ዛሬ ሰባት ብላችሁ ብትጠይቋት ሦስት ትላችኋለች፤ እጇን ግን አታወጣም።

ተረቴ አለቀ። ለእኔ አታጨብጭቡልኝ።