የወርቅያንጥፉ ቤት

በአንድ ወቅት፣ ሩቅም ቅርብም በማይባል ዘመን፣ ወርቅያንጥፉ የምትባል ጠጅ ጣይ ነበረች። የከተማዋን ስም አልጠራም፤ የሰዎቹ ዘመዶች ዛሬም እዚያው አሉ፣ እኔም እዚያው ነው የምገበያየው። ወርቅያንጥፉ ባሏ ሞቶባት፣ አንዲት ሕፃን ልጇን አዝላ፣ ጠጅ እየጣለችና እየሸጠች ከገበያው በላይ የድንጋይ ቤት አሠራች። በዚያ ጊዜ ሴት ለብቻዋ ቤት ስትሠራ ከግድግዳው በፊት የሚቆመው ሐሜቱ ነበር። እሷ ግን ሐሜትን ከቁም ነገር የምትቆጥር ሴት አልነበረችም።

የሰፈሩ አጥቢያ ዳኛ ባላምባራስ ገሠሠ ቤቱን ወደደው። አንቱ የማልለው ሆን ብዬ ነው። በመጀመሪያ ሽጪልኝ አላት፤ እንቢ አለች። ቀጥሎ አግቢኝ አላት፤ ሳቀች። የሳቀችው በሰው ፊት ስለነበር ይህን ነገር በሆዱ ያዘው።

በባላምባራስ ቤት የውብዳር የምትባል ገና ልጅ የሆነች ገረድ ነበረች። አንድ ቀን ታማ ወደቀች ተባለ። ቡዳ በልቷታል ብለው ጭስ አጨሱባት፤ እንደ ልማዱም ሰፈሩ ከብቦ ይጠይቃት ጀመር። ማን ነህ ሲሏት ወርቅያንጥፉ ነኝ ብላ ለፈለፈች። ከየት አገኘሃት ሲሏት ጠጅ ልትገዛ ተልካ ከደጄ ስትደርስ አለች። ልጅቱ አንዳች አላመማትም። የምትለውን ያስጠናት ጌታዋ ነው፤ የሰጣትም ዋጋ አንድ አበባ ያለበት ቀሚስ ነበር።

ከዚያ ወዲያ የወርቅያንጥፉን ጠጅ የሚቀምስ ጠፋ። በመንገድ ስታልፍ እናቶች ልጆቻቸውን በነጠላ ይሸፍናሉ። አብረዋት ጽዋ የሚጠጡ ማኅበርተኞቿ አስወጧት። ግብሩን መክፈል ሲያቅታት ባላምባራስ ራሱ ዳኛ፣ ራሱ ገዢ ሆኖ ቤቱን ወሰደው። የወጣች ቀን ልጇን አዝላ ደጃፉ ላይ ቆመች፤ ሰፈሩም በየአጥሩ ሥር ሆኖ ያያል።

«ይህን ቤት ቂሜን ለተወጣልኝ ሰጥቼዋለሁ» አለች። «ከዚያ ሰው በቀር ለማንም አይርጋለት።»

ይህን ብላ ሄደች፤ ከዓመታት በኋላም በሰው አገር ሞተች።

እርግማን በራሱ የሚሠራ ቢሆን ኖሮ ጨዋታዬ እዚህ ላይ ባበቃ ነበር። ባላምባራስ ግን አልሞተም፣ አልከሳም። በዚያው ቤት አገባ፣ ወለደ፣ ሚስቱን ቀበረ፣ ዘጠና ዓመትን አለፈ። ሰፈሩም በእሱ ተጠራ፤ የባጃጅ ሾፌሩ ሁሉ ባላምባራስ ሰፈር እያለ ይጣራል። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ይባላል። እሱ በእርግጥም ረስቶት ነበር።

አሁን ወደ ሦስቱ ሴቶች ልምጣ። የመጀመሪያዋ አዜብ ናት፤ ታዝላ የወጣችው ሕፃን አድጋ የወለደቻት፣ የወርቅያንጥፉ የልጅ ልጅ። እናቷ ስትሞት ከዚህ ታሪክ ሌላ ያወረሰቻት የለም። አዜብ ወደ ከተማዋ ተመልሳ አስጎብኚ ሆነች፤ ቅዳሜ ቅዳሜም ሰው እየሰበሰበች የከተማውን ሴቶች ታሪክ በእግር እያዞረች ታሳይ ጀመር። ጉብኝቱን የእናቶች ዱካ አለችው። የሚነሣው ከጥጥ ተራ ነው፤ ፈታዮች ዋጋ ካልተጨመረልን ብለው እንዝርታቸውን ያስቀመጡበትን ቦታ ታሳያለች። የወንድሟን ቁምጣ ለብሳ ትምህርት ቤት ስለገባችው ልጅ ትናገራለች። ግማሹን ከተማ ያዋለደችው ሴት ቤት ዛሬ ባንክ ሆኗል፤ ዘበኛው እየተቆጣትም ቢሆን እዚያ በር ላይ ቆማ የሴትዮዋን ስም ጮክ ብላ ትጠራለች። ሁሉም የሚያምር፣ ሁሉም መነገር ያለበት ነው። ለአዜብ ግን መንገዱ ሁሉ ወደ መጨረሻው ደጅ የሚያደርስ ነበር፤ ያም የባላምባራስ ደጅ ነው።

ባላምባራስ ከሰዓት በኋላ በረንዳው ላይ ይቀመጣል። ጆሮው ደክሟል። ሰው ተሰብስቦ ወደ እሱ ሲያይ ሊያከብሩት የመጡ መሰለው፤ ካባውን አስመጥቶ ለበሰ። አዜብ ከደጁ ቆማ፣ ፊቷን ፈገግ አድርጋ፣ እጇን በአክብሮት ወደ እሱ ዘርግታ፣ በአያቷ ላይ ያደረገውን አንድ በአንድ ትናገራለች። እሱም ከላይ ሆኖ ራሱን ዝቅ እያደረገ ለጎብኚዎቹ እጅ ይነሣል። እንዲህ ሲሆን ሦስት ዓመት ሞላ። ይህን ስሰማ ደስ አለኝ፤ አልዋሽም።

ወሬው ከጎብኚ ወደ ጎረቤት፣ ከጎረቤት ወደ ቤተ ክርስቲያን ደጅ ወረደ። የባላምባራስን ሰላምታ የሚመልስ ጠፋ። በየዓመቱ የኅዳር ሚካኤልን ይዘክር ነበር፤ የዚያን ዓመት በግ ታርዶ፣ ዳስ ተጥሎ፣ ወጡ እንደተሠራ አደረ። ይህ ሕዝብ ምን ነካው እያለ ካባውን እንደለበሰ እስኪመሽ ጠበቀ። በወርቅያንጥፉ ላይ ያደረሰው ሁሉ በእሱም ደረሰ፤ ለምን እንደደረሰበት ግን አላወቀም። አዜብ እንዲያውቅ አልፈለገችም። ሳይገባው እንዲሞት ነበር ሐሳቧ።

ሁለተኛዋ ያቺው የውብዳር ናት። አርጅታለች፤ ከገበያው ጥግ ቅመም እየሸጠች ትኖራለች፤ ሰዉም እማማ የውብዳር ይላታል። ያንን ቀሚስ እስኪያልቅ ለብሳዋለች፤ ያደረገችውን ግን ለንስሐ አባቷም አልነገረችም። አንድ ቅዳሜ ከሰዉ ተቀላቅላ፣ ምርኩዟን ይዛ፣ ከጥጥ ተራ ጀምሮ አብራ ተጓዘች። አዜብ አላወቀቻትም፤ እንዲያውም ደክሟት እንደሆነ እየጠየቀች ክንዷን ይዛ ዳገቱን አወጣቻት።

ደጁ ላይ ደርሰው አዜብ መናገር ስትጀምር፣ የውብዳር ተነጥላ ገባች። የበረንዳውን ደረጃ ወጣች፤ ከባላምባራስ እግር ሥር ተዘርግታ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጣል አድርጋ ትንቀጠቀጥ ጀመር። ጎብኚዎቹ ደነገጡ። ከመካከላቸው ልማዱን የሚያውቁ አንዲት አሮጊት ተከትለው ወጡና፣ በድሮው ወግ ጠየቁ።

«ማን ነህ?»

«ባላምባራስ ገሠሠ ነኝ።»

«ከየት አገኘሃት?»

«ወርቅያንጥፉን ከገዛ ቤቷ።»

«ምን ፈልገህ?»

«ቤቷን።»

የተጮኸው ከእግሩ ሥር ነውና ባላምባራስ ይህን ሰማ። ጎንበስ ብሎ ነጠላውን በበትሩ ገለጠ። ስንት ዘመን አልፎም ፊቷን አወቀው።

«አንቺ» አላት፣ «ቀሚሱን ለብሰሽው የለም እንዴ?»

አፍ ሲከፈት ጭንቅላት ይታያል። ሌላ ምስክር አላስፈለገም፤ እሱም ምን እንዳለ የገባው ከተናገረው በኋላ ነው። የውብዳር ተነሥታ ለተሰበሰበው ሰው ያኔ የዋሸችው ልጅ እሷ መሆኗን ተናገረች። አዜብ እጇን አነሣች፤ ሳትመታት መለሰችው። አንዱ ግን ተፋባት፤ የውብዳርም አልጠረገችውም። ከዚያን ቀን ጀምሮ ቅመሟን የሚገዛት የለም።

ሦስተኛዋ የባላምባራስ አንድያ ልጅ ማንያህልሻል ናት። አስተማሪ ነበረች፤ አባቷ ሲያረጅ ሥራዋን ትታ ልትጦረው ገባች። ትርፍ ቤት ይወረሳል በተባለበት ዘመን ባላምባራስ ይህን ቤት በእሷ ስም አዛውሮት ስለነበር በሕግ ባለቤቱ እሷ ናት። ቅዳሜ ቅዳሜ አዜብ የምትለውን በመስኮት ትሰማ ነበር፤ የምቀኛ ወሬ ነው ብላ ስንቱን ጎረቤት ተጣልታለች። የዚያን ቀን የአባቷን ወተት ይዛ በሩ ላይ ቆማ ነበር። የቀሚሱን ነገር ከገዛ አፉ ሰማች።

ወተቱን አስቀመጠች። ወንበሩን አውጥታ ከግቢው ውጭ መንገዱ ላይ አኖረችው። ልብሱን በአንሶላ ቋጥራ አወጣች። ከዚያ ተመልሳ ክንዱን ይዛ፣ እንዳይወድቅ እየተጠነቀቀች፣ ደረጃውን አወረደችው።

«አባባ፣ በዚህ በር ነው የወጣችው» አለችው። «እርስዎም በዚሁ ይውጡ።»

«ወዴት ልሂድ፣ ልጄ?»

«እሷን ወዴት ሂጂ ብለዋት ነበር?»

በሩን ቆለፈችው፤ ራሷም አልተመለሰችበትም። ከቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ አንዲት ክፍል ተከራየችለት፤ ምግብ በሰው እጅ ትልክለታለች፣ እሷ ግን ደጁን አልረገጠችም። ክረምቱ ሳይወጣ ሞተ። እድሩ ደንቡ ነውና ድንኳን ተከለ፤ በድንኳኑ ውስጥ የተቀመጠችው ማንያህልሻል ብቻ ነበረች፤ እየጮኸች አለቀሰች፤ አይዞሽ የሚላትም አልነበረም። ወላጅ ይጦሩታል እንጂ አይጥሉትም ብለው ብዙዎች አዘኑባት። ቂም ይዞ ጸሎት ሳል ይዞ ስርቆት ነው ብለው የመከሩም አሉ። ወርቅያንጥፉ ልጇን አዝላ ስትወጣ እነዚህ መካሪዎች ወይም አባቶቻቸው ከአጥር ሥር ቆመው ያዩ ነበር።

አርባው ከወጣ በኋላ ማንያህልሻል ቁልፉን ለሰፈሩ ሽማግሌዎች አስረከበች። የወርቅያንጥፉን ኑዛዜ የሰሙ አሮጊቶች ገና አሉ፤ ቃሉ ይፈጸም፣ ለተገባው ይሰጥ አለች። ሽማግሌዎቹ ሦስቱንም ሴቶች ጠሩ።

አዜብ ስትናገር ድምፅዋ አልተናወጠም። «እኔ ባልመጣ ኖሮ ተከብሮ ይሞት ነበር። ሰላምታውን፣ ዝክሩን፣ ስሙን የወሰድኩበት እኔ ነኝ። ደሟም የእኔ ነው» አለች። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ግን ጠየቋት፤ ሦስት ዓመት ሙሉ ካባ ለብሶ እጅ ሲነሣሽ፣ እሱ ያላወቀው በቀል በምን በቀል ይሆናል? አንቺ ስትናገሪበት እሱ የከበረ መስሎት አልነበረም ወይ?

የውብዳር መሬት መሬት እያየች ተናገረች። «እሱን ያገኘሁት እኔ ነኝ። በገዛ ውሸቱ ነው የወጋሁት። የራሴንም ስም አብሬ ቀብሬያለሁ፤ ለእኔ ማን ቀረልኝ?» አለች። ሊሰሙ የመጡት አሮጊቶች አጉረመረሙ። የሰበረች እጅ ስለጠገነች ልትሸለም ነው? እንዲያውም የወርቅያንጥፉ ቂም ከባላምባራስ ይልቅ ምላሷን በቀሚስ የሸጠችው ላይ ሳይሆን አይቀርም፤ ባለዕዳዋ እንዴት ወራሽ ትሆናለች?

ማንያህልሻል ከሁሉም ያነሰ ተናገረች። «እነሱ ተናገሩ። ያወጣሁት እኔ ነኝ። አባቴን ነው የከፈልኩት» አለች። ለእሷም መልስ አላጡላትም። ያደግሽው፣ የጠገብሽው በወርቅያንጥፉ ላብ ነው፤ እውነቱን በመስኮትሽ እየሰማሽ የምቀኛ ወሬ ነው ትዪ ነበር። በዚያ ላይ ቤቱ በስምሽ ነው፤ በአንድ እጅሽ ሰጥተሽ በሌላው እንዳትወስጂ ምን ዋስትና አለን?

ሽማግሌዎቹ ተከራክረው አልተስማሙም። አንዳንዶቹ ደም ይቅደም አሉ፤ ሌሎቹ ፊት ለፊት ያጋለጠችው ትቅደም አሉ፤ የቀሩት ደግሞ አባቷን ከከፈለችው በላይ የከፈለ ማንም የለም አሉ። ቁልፉ በእድሩ ሳጥን ውስጥ ተቀመጠ። ቤቱ ተዘግቶ ጣሪያው መውረድ ጀምሯል። ሦስቱ ሴቶች በመንገድ ሲገናኙ ዓይን ለዓይን አይተያዩም፤ አንዷ ለሌላዋ ልተውላት ብትል ነገሩ ያልቅ ነበር፣ ግን አንዳቸውም አልተወችም።

እኔ የራሴን ፍርድ ይዤ ነው የመጣሁት፤ አልነግራችሁም፣ ስትጣሉ ማየት እፈልጋለሁ። አንዷ ለምን እንደሆነ ሳያውቅ አዋረደችው፤ አንዷ አሳወቀችው፣ ግን የበደሉ ተካፋይ ናት፤ አንዷ ቀጣችው፣ ግን የእሱው ልጅ ናት። ወርቅያንጥፉ ዛሬ ሕፃኗን አዝላ ከዚያ ደጃፍ ቆማ፣ ቂሜን የተወጣልኝ ማን ነው ብላ ብትጠይቃችሁ፣ ቁልፉን ለማን ትሰጡታላችሁ?