የሳሙናዋ አህያ ሠዓሊ

አንድ ቀን፣ ካርቱን ፊልም ገና ብርቅ በነበረበት ዘመን፣ አሰግደው የሚባል የማስታወቂያ ድርጅት ባለቤት ፒያሳ ካለ ሲኒማ ቤት እንግዶች ጠርቶ አዲስ ፊልሙን አሳየ። ነገሩ የሳሙና ማስታወቂያ ነው። አንዲት አህያ የተጫነችውን ሳሙና ሰርቃ ትበላና ባናፋች ቁጥር ካፏ አረፋ ይወጣል፤ በመጨረሻም አረፋው እንደ ፊኛ ከነጭነቷ ይዟት ሽቅብ ይሄዳል። እንግዳው ሁሉ ሆዱን ይዞ ሳቀ።

ለአህያዋ ነፍስ የዘራላት ልሳነወርቅ የሚባል ወጣት ሠራተኛ ነበር። አንድ እግሯን ለማስነሳት እንኳ ሥዕል በሥዕል ላይ እየደራረበ፣ ክረምቱን ሙሉ ጠረጴዛ ላይ ጎብጦ የከረመ እሱ ነው። አሰግደው እርሳስ የሚይዘው ጆሮውን ለመኮርኮር ብቻ ነበር። እንዲያውም ንድፏን መጀመሪያ ሲያይ «ይቺ ደግሞ ምን ዓይነት ላም ናት?» ብሎ ጠይቋል። ታዲያ ፊልሙ ሲያልቅ «ሠዓሊና አዘጋጅ፦ አሰግደው» የሚል ጽሑፍ ብቻ ብቅ አለ።

መብራት እንደበራ የሲኒማ ቤቱ ባለቤት ወይዘሮ ጥሩሰው ተነሱ።

«ሙሉ የካርቱን ፊልም ላሠራ አስቤያለሁ። አዘጋጁም ይህችን አህያ የሳለው ሰው እንዲሆንልኝ እፈልጋለሁ። ማን ነው የሳላት?»

«እኔ ነኝ፣ እመቤቴ» አለ አሰግደው ሲጋራውን በረጅሙ ስቦ። «ከጆሮዋ እስከ ጭራዋ የሳልኳት እኔ...»

ጭሱ ትን አለውና ሳል ያጣድፈው ጀመር። እንደምንም ጉሮሮውን ጠርጎ ሲያበቃ፣ ከኋላ ወደተቀመጠው ልሳነወርቅ ዞሮ አፈጠጠበት። የልጁ እንጀራ በእጁ እንደሆነ ያውቃል።

«ካላመኑኝ ይኸው ሠራተኛዬ ይመስክር። ተናገር እንጂ፣ ስስል አላየህም?»

ልሳነወርቅ ቀስ ብሎ ተነሳ።

«ጋሼ፣ ዋሽቼ ምን እጠቀማለሁ? ሲስሉ አይቼዎት አላውቅም። ሲስሉ ግን ይኸው አሁን ሁላችንም ሰምተናል።»

ወይዘሮ ጥሩሰው ሳቃቸውን በነጠላቸው ሸፈን አድርገው «እኔ የምፈልገው የሚሰማውን ሳይሆን የሚታየውን ነው» አሉና፣ ልሳነወርቅን ጠርተው ከጎናቸው አስቀመጡት።