በጃኬት ኪስ የተሸጎጠ ጉርሻ

አንድ ሰው ነበረ። የእህል ነጋዴ ነው፤ እጁ የተፈታ፣ ልቡ የራራ። አንዲት አመል ብቻ ነበረችው፤ ሲሰጥ ማንም እንዲያየው አይፈልግም።

ይህን ምሳሌ የተናገሩት ጋሽ ዘርጋው ናቸው። በጉልምስናቸው በመርከብ ላይ ሲሠሩ ኖረው፣ ጡረታ ሲወጡ የሰፈሩን ባልና ሚስት የሚያስታርቁ ሽማግሌ ሆኑ። የተናገሩትም ይሄይስ ለሚባል ጎረቤታቸው ነው። ይሄይስ ኑሮ የከበዳት እህት አለችው። ሊጠይቃት በሄደ ቁጥር፣ እሷም ባሏም ሳያዩት ቦርሳዋ ውስጥ ገንዘብ ሸጉጦላት ይወጣል። «ምስጋናዋን አልፈልግም፤ እንዳትሸማቀቅብኝ ነው። እኔ መሆኔን ጭራሽ ባታውቅ አይሻልም ወይ?» ብሎ ጠየቃቸው። ጋሽ ዘርጋው አዎም አይደለምም አላሉትም። የነጋዴውን ነገር አመጡለት እንጂ።

ነጋዴውን በከተማው ያሉ ሰዎች ቆጣቢ ይሉታል እንጂ ለጋስ ብሎ የጠራው የለም። ለድሃ ልጅ ትምህርት ቤት ይከፍልና ማን እንደከፈለ እንዳይነገር ያስምላል። ለቅሶ ቤት ጤፍ ይልካል፤ ላኪው አይታወቅም። አንድ ጊዜ አንዲት መበለት ደርሳበት እግሩ ላይ ልትወድቅ ስትል፣ በጓሮ በር ሲያመልጥ አንድ ጫማው ጭቃ ውስጥ ቀርቷል ይባላል። ምስጋና የብድር ምላሽ ይመስለው ነበር፤ እዚህ ከተመሰገነ ዋጋውን እዚሁ ጨርሶ የተቀበለ፣ ለወዲያኛው ዓለም ምንም ያልተረፈው። እንዲህ ያለውን ሰው ክፉ ማለት አይቻልም። ደግ ነው። ታሪኩን የሚያሳዝነውም ይኸው ነው።

ልጆቹ አንድ ቀን ተሰብስበው፣ ዕድሜህን በጆንያ መሀል ፈጀኸው፣ እስቲ አንዴ እንኳ ባሕር እይ ብለው፣ አስጎብኚ ከሚመራቸው ያገሩ ሰዎች ጋር በሽርሽር መርከብ አሳፈሩት።

የሽርሽር መርከብ ማለት ተንሳፋፊ ሆቴል ማለት ነው። ዕቃ አትጭንም፤ ሰው ጭና ከወደብ ወደብ ትዞራለች። ጠዋት አንዱ ከተማ ትደርሳለች፤ ማታ መልሕቋን አንሥታ ትሄዳለች። ተሳፋሪው የየራሱ መኝታ ክፍል አለው፤ ክፍሉን የሚያጸዳለት፣ አልጋውን የሚያነጥፍለት፣ ፎጣውን የሚለውጥለት ሠራተኛ ይመደብለታል። ሠራተኞቹ ግን የሚያድሩት እታች፣ ከመርከቧ ሆድ ውስጥ፣ መስኮት በሌለው ክፍል ነው። ደመወዛቸው ትንሽ ነው። ቤተሰባቸውን ቀጥ አድርጎ የሚይዘው ከተሳፋሪው የሚያገኙት ጉርሻ ነው።

ለነጋዴው ክፍል የደረሰችው ሠራተኛ የአገሩ ልጅ ሆና ተገኘች። የድሬዳዋ ልጅ ናት፤ ስሟ ዘምዘም። ገና በመጀመሪያው ጠዋት በሩን አንኳኩታ «እንደምን አደሩ አባባ» ስትለው፣ በዚያ ሁሉ የባዕድ ቋንቋ መሀል ያንን ሲሰማ ዓይኑ እንባ አቀረረ። ፎጣውን በዝሆን ቅርጽ አጥፋ አልጋው ላይ ታስቀምጥለት ነበር፤ የመርከብ ልማድ ነው። ነጋዴው ግን ዝሆኑን ማፍረስ ነውር መስሎት ገላውን በሸሚዙ እያደረቀ ሰነበተ። ስትደርስበት ሆዷን እስኪያማት ሣቀች። እሱም ሣቀ።

ወሩ ሰኔ፣ የሐዋርያት ጾም ነበር። መርከቧ ላይ ቅቤና ሥጋ ያልነካው ነገር ጠፍቶ ነጋዴው በዳቦና በሙዝ መዋሉን ስታይ፣ እሷ ሙስሊም ናት፣ ወጥ ቤት ገብታ ከምግብ አብሳዩ ጋር ተሟገተችለት። ምስር በዘይት አሠርታ አመጣችና፣ አባባ አይጠራጠሩ፣ ቆሜ ነው ያሠራሁት አለችው። ሲበላ ደግሞ የራሷን ነገር አጫወተችው። የሥራ ውሏ በዚህ ጉዞ ማብቂያ ያልቃል። ስሟ ሳይነካ ከጨረሰች አለቃዋ ውሉን ሊያድስላት፣ የዚያ መተላለፊያ ሠራተኞች ኃላፊም ሊያደርጋት ቃል ገብቶላታል። እናቷና ታናናሾቿ የሚያድሩት እሷ በምትልከው ነው። በሌብነት የተባረረ ሠራተኛን ግን ሌላ መርከብ አይቀጥረውም፤ ወሬው ከሰውየው ቀድሞ ወደብ ይደርሳል። ይህንንም ነገረችው፤ እንደ ሩቅ ነገር፣ እየሣቀች።

ጉዞው ሊያልቅ ሲል አስጎብኚው ሰዎቹን ሰብስቦ የጉርሻን ሥርዓት አስረዳቸው። ገንዘቡን ፖስታ ውስጥ ትከታላችሁ፤ ፖስታው ላይ ስማችሁንና የክፍላችሁን ቁጥር ትጽፋላችሁ፤ ለሠራተኛው በእጁ ሰጥታችሁ ታመሰግኑታላችሁ አላቸው። ነጋዴው ይህን ሲሰማ ፊቱ ተቀየረ።

«ስሜን ጽፌ? ይሄማ ሠርግ ላይ ስም ማስጠራት ነው» አለ።

ሰዉ ሣቀ። እሱ ግን የምሩን ነበር፤ ተነሥቶ ወጣ። አስጎብኚው ስሙ ለምን እንደሚጻፍ ገና ማስረዳቱ ነበር። የሠራተኛ ኪስ በማንኛውም ሰዓት ሊፈተሽ እንደሚችል፣ ባለቤቱ ያልታወቀ ገንዘብ እዚያ ቤት መዘዝ እንደሆነ የተናገረው ነጋዴው ከወጣ በኋላ ነው።

በማግስቱ መርከቧ አንድ ወደብ ላይ ቆማ ሳለ፣ ነጋዴው ከክፍሉ ሲወጣ የዘምዘም ጃኬት አንሶላ በምትገፋበት ጋሪ ላይ ተንጠልጥሎ አየ። እሷ ፊት ለፊት ያለውን ክፍል እያጸዳች ነው። መተላለፊያው ጭር ብሏል። ያዘጋጀውን ዶላር፣ ጠቀም ያለ ነው፣ በወረቀት እንደጠቀለለ የጃኬቱ ኪስ ውስጥ ከተተና በጣቱ ጫፍ እየረገጠ ሄደ። ልቡ እንደ ሌባ ልብ ይመታ ነበር። ደስ እያለው።

ወደ ላይ ወጥቶ ነፋሱ ላይ ተቀመጠ። ማታ እጇን ኪሷ ስትሰድ የምትሆነውን አሰበ። ማን ይሆን ስትል፣ ምናልባትም ለማታውቀው ሰው ዱዓ ስታደርግ ታየው። ይህ ለእሱ ከምስጋና ሁሉ ይበልጥበት ነበር።

እታች ግን የፊት ለፊቱ ክፍል ተሳፋሪ፣ ገንዘቤ ጠፋ ብላ ጮኻለች። ሥርዓቱ ሥርዓት ነው፤ ያን ክፍል ያጸዳች ሠራተኛ ትፈተሻለች። ዘምዘም ምንም ሳትፈራ ጃኬቷን ራሷ አምጥታ ሰጠች። ከኪሱ ዶላሩ ወጣ። ከየት አመጣሽው አሏት። አላውቅም አለች። ማን ሰጠሽ አሏት። ማንም አልሰጠኝም፣ አላውቅም አለች። እውነቷን ነው። ደጋግመው ጠየቋት፤ ደጋግማ እውነቱን ተናገረች። በተናገረች ቁጥር ነገሩ እየባሰባት ሄደ።

ነጋዴው ከላይ ሆኖ ወደቡን ሲያይ፣ አንዲት ሴት ሻንጣዋን ይዛ በሁለት ጥበቃዎች መሀል ስትወርድ ተመለከተ። ከዚያ ከፍታ ሻሿ እንጂ ፊቷ አይታይም። ምን አግኝቷት ይሆን ብሎ ለማያውቃት ሴት አዘነላት።

መርከቧ ጉዞ ስትጀምር ክፍሉን ሌላ ሠራተኛ አንኳኳ። ዘምዘምስ ብሎ በምልክት ቢጠይቀው ሰውየው አንገቱን ደፋ። ነጋዴው አስጎብኚውን ፈልጎ የሆነውን ሰማ። በአስተርጓሚነት እሱኑ ይዞ ወደ ሠራተኞቹ አለቃ ሮጠ። ገንዘቡ የእኔ ነው፣ ኪሷ ውስጥ የከተትኩት እኔ ነኝ አለ። ስንት እንደነበር፣ በምን ወረቀት እንደጠቀለለው ሁሉ ተናገረ።

አለቃው ጨዋ ሰው ነው፤ አስቀምጦ አዳመጠው።

«ሲያስቀምጡ ማን አየዎት?» አለው።

 ማንም አላየኝም የሚለው ቃል የነጋዴው የዕድሜ ልክ ኩራት ነበር። አሁን ምስክር አሳጣው።

«ማንም» አለ።

«ስለ ገንዘቡ ሠራተኛው ሁሉ ሲያወራ ነው የዋለው፤ ልኩን ማወቅዎ አይገርምም» አለ አለቃው። «እርስዎ ሰጠኋት ይላሉ። እሷ ግን ማንም አልሰጠኝም ብላለች። እርስዎን ካመንኩ እሷ ዋሽታለች ማለት ነው። ያገርዎ ልጅ ናት፣ አዝነውላታል፤ ይገባኛል።»

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይላል ያገራችን ሰው። መርከብ ግን አታድርም። ወደቡ ከኋላ እንደ ጭስ ሆኖ ነበር።

ነጋዴው አገሩ ሲገባ ወደ ቤቱ አልሄደም፤ ወደ ድሬዳዋ ወረደ። እያጠያየቀ የዘምዘምን እናት ቤት አገኘ። ልጅቱ አልተመለሰችም። ሌባ ተብዬ በምን ዓይኔ አያችኋለሁ ብላ በሰው አገር ቀርታለች፤ ከአንዴ በቀር ደውላም አታውቅም። የት እንደምትሠራ፣ የት እንደምታድር የሚያውቅ የለም። ነጋዴው እናቲቱ ፊት ቆሞ፣ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ የሰጠሁት እኔ ነኝ ብሎ በሰው መሀል ተናገረ። ጎረቤት ሰማ፤ መንገደኛም ቆሞ ሰማ።

እናትየው «ለእኔ ነገሩኝ፤ አላህ ይስጥልኝ። ለሷስ ማን ይነግርልኛል?» አሉት።



ጋሽ ዘርጋው እዚህ ሲደርሱ ወደ ይሄይስ ዞሩ።

«ነጋዴው አንተ ነህ፣ ልጄ» አሉት። «መርከቧም የእህትህ ቤት ናት። አትስጥ አላልኩህም፤ ስጥ። ከጎረቤት ደብቅ፣ ከእኔም ደብቅ። ከምትሰጣት ከራሷ ግን አትደብቅ፤ ከየት አመጣሽ ብሎ ከሚጠይቃትም ሰው አትደብቅ። ባሏ አንድ ቀን ያንን ቦርሳ ይከፍታል። ለክፋት ብሎ ላይሆን ይችላል፤ የቤት ቁልፍ ፈልጎ ይሆናል። እሱ ያልሰጣትን፣ እሷ ያልሠራችበትን ገንዘብ ያገኛል። ማነው የሰጠሽ ይላታል። አላውቅም ትለዋለች። እውነቷን ነው። አንተ እንዳትሸማቀቅ ብለህ ያስቀመጥከው ገንዘብ፣ ይኸውልህ፣ ባሏ ፊት አቆማት። አንተ እስክትደርስ እሱ ከልቡ አውጥቷት ይሆናል፤ ያን ጊዜ እኔ ነኝ ብትል፣ ለእህትህ ብለህ ነው ይልሃል እንጂ አያምንህም። በል እንግዲህ፣ ስትሰጥ እሱ ባለበት ስጣት። ትንሽ ብታፍር ይሻላታል።»



«ትናንት ሄጄ ነበር» አለ ይሄይስ ቀስ ብሎ። «ሸጉጬላት ነው የመጣሁት።»

ጋሽ ዘርጋው ከዘራቸውን ሳቡና ተነሡ።

«ታዲያ እኔ እስክጨርስ ምን አስቀመጠህ?» አሉት። «ና፣ አብሬህ ልሂድ።»