ጅራቷን የለወጠችው እንሽላሊት

አንድ ንጉሥ ስሙ እንዳይረሳ አብዝቶ ይመኝ ነበር። ሐውልት ይፈርሳል፣ ከተማም ይለወጣል፤ በምድር የሚሳብ ፍጡር ግን እየተራባ ይኖራል ብሎ ስላሰበ፣ በስሙ የሚጠራ እንስሳ እንዲፈለግለት አዘዘ። ትእዛዙ የደረሰው ስሁል ለሚባል ሊቅ ነው። ስሁል ዕድሜውን በሙሉ እንሽላሊት ሲመረምር የኖረ ሰው ነበር። ቤቱ የመጣ እንግዳ ከምሳ በፊት ስለ ቅርፊት መስማቱ የማይቀር ነው!

በዚያ አገር የሊቃውንቱ ሕግ እንዲህ ነበር። ማንም በገዛ ስሙ ፍጡር አይሰይምም። ለአንድ ፍጡር ሁለት ስም ከወጣለት ደግሞ የቀደመው ይጸናል፣ የኋላው ይሻራል፤ የኋላው የንጉሥም ቢሆን።

ስሁል ቆላ ወርዶ ከአለት መካከል አንዲት ትንሽ እንሽላሊት አገኘ። ገላዋ ቅቤ የተቀባ ይመስል ያብረቀርቃል፣ እግሮቿ አጫጭር ናቸው፣ ጅራቷ ግን ሰማያዊ፣ ያውም ዓይን የሚወጋ ሰማያዊ! ቅርፊቷን ቢቆጥር፣ ይርዳው የሚባል ሌላ ሊቅ ቀደም ብሎ «አፈር ለበስ» ብሎ ከሰየማት ቡናማ እንሽላሊት ጋር እኩል ሆነ። ነገር ግን እንዲህ ያለ ጅራት ይዛ ከዚያች አፈር ከመሰለች ጋር እንዴት አንድ ትሆናለች? ደግሞም ከይርዳው ጋር ዓይንና ናጫ ነበሩ፤ ሰውየው ሞቶ እንኳ የስሁል ቂም አልበረደም። ስለዚህ አዲስ ናት ብሎ በንጉሡ ስም ሰየማት። ንጉሡ ደስታውን አልቻለውም። ሰማያዊ ጅራቷ በካባው ላይ ተጠለፈ፣ ስሁልም በቀኙ እንዲቀመጥ ወንበር ተሰጠው፣ ከቤተ መንግሥቱ አጠገብም ጥሩ ቤት ገባ።

ስሁል እንሽላሊቷን ለእንግዳ ማሳያ ብሎ በሳጥን ውስጥ ፌንጣ እያበላ ያሳድጋት ጀመር። እያደገች ስትሄድ ጅራቷ ደበዘዘ። ታማለች ብሎ ምግቧን ለወጠ፣ ፀሐይ አሞቃት። ምንም አልረዳም። ክረምቱ አልፎ በጋው ሲገባ ሳጥኑ ውስጥ ያለችው ቁርጥ የይርዳውን አፈር ለበስ ሆነች። ስሁል ክው አለ። ሰማያዊው ጅራት የልጅነት ነበር፤ እሱ ልጅቱን ከእናቷ ለይቶ ሌላ ዘር አድርጓት ኖሯል።

ለሚስቱ ለይመኙሻል ነገራት።

«አርፈህ ተቀመጥ!» አለችው። «ይህን ቤት ልታስነጥቀን ነው? ደግሞ ለማን ብለህ? ለይርዳው? ሰውየው ሞቶም ይርታህ?»

«አልረታኝም፣ ቀደመኝ እንጂ» አለና ሳጥኑን አንሥቶ ወጣ። በቀጥታ ወደ ንጉሡ ሄደ።

ንጉሡ ነገሩን ሰምቶ ፊቱ ጠቆረ። «ይህን ማን ያውቃል?» ሲል ጠየቀ።

«እኔ፣ ባለቤቴና ይህች እንሽላሊት ነን፣ ንጉሥ ሆይ።»

«ታዲያ ሦስታችሁም ዝም ብትሉስ?»

«እኔና ባለቤቴ ዝም ማለት እንችላለን። እሷ ግን እንቢ ትላለች። የዘሯ ልጆች ባደጉ ቁጥር ጅራታቸውን እየለወጡ ይመሰክሩብናል።»

«ይርዳው ጠላትህ አልነበረም እንዴ?»

«ነበር። አሁንም አልወደውም። ግን ቀድሞኛል።»

ንጉሡ ካባውን አውልቆ ለጠላፊዎቹ ሰጠና «ጥልፉን ፍቱት» አለ። ወደ ስሁልም ዞሮ፣ «ለሞተ ጠላቱ አፍ የሆነ ሰው በእኔ ላይ አይዋሽም። ከቀኜ እንዳትነሣ» አለው። በማግስቱ የእንሽላሊቷ ስም አፈር ለበስ መሆኑ በአዋጅ ተነገረ።

ስሁል አርጅቶ ካረፈ በኋላ ደቀ መዛሙርቱ ማንም ያላያት ቀይ ጅራት እንሽላሊት አገኙ። በመምህራቸው ስም ሊሰይሟት ፈልገው ወደ ንጉሡ ሮጡ። ንጉሡም አርጅቶ ነበር። «እሰይ!» አለ፤ «ግን መጀመሪያ እስክታረጅ ጠብቁ። እሱ ቢኖር እንዲህ ይላችሁ ነበር።» ጠበቁ። እንሽላሊቷ አረጀች፣ ጅራቷ ግን እንደተፈለፈለችበት ቀን ቀይ ነበር። ያን ጊዜ ስሁል ብለው ሰየሟት።

ለወዳጅ እውነት መመስከር ብዙ አይከብድም። ለማንወደው ሰው፣ ያውም ማንም በማያውቅበት፣ የሚጎዳውም እኛን ሲሆን መመስከር ግን ሰውን ሰው ያሰኛል። መልካም ስምም እንዲህ ነው፤ እኛ ለራሳችን አናወጣውም፣ ያዩን ናቸው የሚያወጡልን። እስቲ እናንተም ቤታችሁን ተመልከቱ፤ አንድ ጥግ ላይ፣ ሳጥን ውስጥ፣ ጅራቷን እየለወጠች ያለች እንሽላሊት የለችም?